የአንገት ቱቦው ከወጣ በኋላስ? ለጤና ሚኒስቴር የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለጤና ሚኒስቴር
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ የትራኪዮስቶሚ ቱቦ ወጥቶላቸው ወደ ቤት ለሚመለሱ ታካሚዎች ተገቢው ክትትል እንዲደረግ ስለመጠየቅ

የተከበራችሁ ኃላፊዎች፣ ጤና ይስጥልኝ።

የምጽፍላችሁ ታናሽ ወንድሜን ያስታመምኩ እህት ነኝ። ወንድሜ የባጃጅ አደጋ ደርሶበት ጭንቅላቱ ተጎድቶ ነበር። ፅኑ ሕሙማን ክፍል ገብቶ በማሽን ሲተነፍስ ከረመ። በአፍ የሚገባው የመተንፈሻ ቱቦ ለረጅም ጊዜ መቆየት ስለሌለበት አንገቱ ላይ ተከፈተለትና ቱቦ ገባለት። ያ ቀዳዳ ሕይወቱን አትርፎታል። ሐኪሞቹንና ነርሶቹን እስከ ዛሬ እመርቃቸዋለሁ። የዛሬው ጥያቄዬ ቱቦው ከወጣ በኋላ ስላለው ጊዜ ነው። ያኔ ሁሉም «እግዚአብሔር ይመስገን፣ ተረፈ» ብሎ ወደየጉዳዩ ይሄዳል። ታካሚው ግን ገና ብዙ ይቀረዋል።

ትራኪዮስቶሚ ከማንቁርት ዝቅ ብሎ የአየር ቧንቧው ላይ የሚከፈት መተንፈሻ ነው። በአደጋ ጭንቅላቱ የተመታ፣ በፀረ ተባይ የተመረዘ፣ ቴታነስ የያዘው፣ የጉሮሮ ካንሰር ያለበት ሰው ሊሠራለት ይችላል። ማንቁርታቸው ላይ ኪንታሮት እየበቀለ ትንፋሽ የሚከለክላቸው ሕፃናትም አሉ። ሰውየው ራሱን ችሎ መተንፈስ፣ አክታውን በሳል ማውጣትና ትን ሳይለው መዋጥ ሲችል ቱቦው ተደፍኖ ይሞከራል። ብዙ ጊዜ ለ24 ሰዓት ወይም ከዚያ በላይ። ከዚያ ይወጣና ቀዳዳው በጎዝ ይሸፈናል። አብዛኛው ሰው ላይ በቀናት፣ ቢበዛ በ2 ሳምንት ገደማ ራሱ ይደፈናል።

ቱቦው ለወራት ከቆየ ነገሩ ሌላ ነው። ከላይ ያለው ቆዳ ቀስ እያለ ወደ ውስጥ ያድግና ቀዳዳውን ዙሪያውን ይለብሰዋል። ጉትቻ ለዓመታት የቆየበት የጆሮ ቀዳዳ እንደማይደፈነው ማለት ነው። በተለይ ቱቦው ከ4 ወር በላይ የቆየባቸው ብዙ ሕፃናት ላይ ይህ ይደርሳል። የወንድሜም እንዲሁ ሆነ።

ስንወጣ የተሰጠን ወረቀት በእንግሊዝኛ ነበር። ስለ ቀዳዳው የሚለው ግማሽ መስመር ብቻ ነው። በስንት ጊዜ መደፈን እንዳለበት አይልም። ካልተደፈነ የት እንሂድ? አይልም። ቀጠሮም አልነበረውም። ስለዚህ ዝም ብለን ጠበቅን።

ወንድሜ ሲያወራ ጎዙን በሁለት ጣቱ ይጫናል። ካልተጫነው ድምፁ በአንገቱ ሾልኮ ይቀራል። ሲያስለው አክታው በቀዳዳው ስለሚወጣ ጎዙ ቶሎ ቶሎ ይረጥባል። ሰው ፊት መብላት ተወ። እናታችን ምጣድ ስታሰማ ጭሱ ስለሚያስለው ውጭ ወጥቶ ይቀመጣል። ገላውን ስናጥበው አንገቱን በፎጣ እንከልላለን። ዘመድ «ጠበል ይጠመቅ» ሲል ሁላችንም ደስ አለን፣ እምነታችን ነውና። ደግነቱ የቀበሌያችን የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ ሰማች። «ውሃው በዚያ ቀዳዳ ከገባ ቀጥታ ሳንባው ነው የሚሄደው። አባን አማክሩና ይጠጣው፣ ሰውነቱን ይቀባው» አለችን። ይህን ምክር ገና ከሆስፒታል ሳንወጣ መስማት ነበረብን።

በመጨረሻ ሪፈር ተጽፎልን አዲስ አበባ ከአንገት በላይ ሐኪም ዘንድ ደረስን። ቀዳዳው በራሱ ይደፈን እንደሆነ ለአዋቂ ከ3 እስከ 6 ወር፣ ለሕፃን እስከ 1 ዓመት መጠበቅ የተለመደ መሆኑን የሰማሁት ያኔ ነው። ሐኪሙ ከመስፋቱ በፊት በአፍንጫው ቀጭን ካሜራ አስገብቶ የአየር ቧንቧውን አየለት። ምክንያቱንም ቁጭ ብሎ አስረዳኝ። ከቀዳዳው በላይ ቧንቧው ጠቦ ወይም ትርፍ ሥጋ በቅሎበት ከሆነ ሰውየው የሚተነፍሰው በዚያው ቀዳዳ ነው። ሳያዩ መስፋት ትንፋሹን መድፈን ነው። እንዲህ ያለ ሐኪም ያብዛልን።

ኦፕራሲዮኑ ሲያዩት ቀላል ይመስላል። ቀዳዳውን ከውስጥ የለበሰው ቆዳ ተቆርጦ ይወጣል። ከዚያ ወይ በየድርቡ ይሰፋል፣ ወይ ሳይሰፋ ተትቶ ከሥር እየሞላ እንዲድን ይደረጋል። የተሰፋው ቶሎ ይድናል፣ ጠባሳውም ያንሳል። ግን ታካሚው ሲያስለው ከቧንቧው የሚያመልጠው አየር መውጫ ካጣ ከቆዳ ሥር ይገባል። አንዳንድ ሐኪሞች ለዚህ ብለው ትንሽ መውጫ ይተዋሉ።

እኛ የደረሰብን ይኸው ነው። አገራችን ከተመለስን በኋላ ወንድሜን ኃይለኛ ሳል ያዘው። ጠዋት ሳየው አንገቱና ጉንጩ አብጧል። እብጠቱን ስነካው ከቆዳው ሥር ይንኮሻኮሻል። አቅራቢያችን ያለው ሆስፒታል ስንደርስ «አለርጂ ነው» ተባለና መርፌ ተወጋ። እብጠቱ ወደ ደረቱ ወረደ። ድምፁ ተለወጠ። እኔ ጨንቆኝ የሠራለት ሐኪም ጋ ደወልኩ። እሱም ተረኛውን ሐኪም በስልክ አናገረው። «ስፌቱን ፍቱለት» ነው ያለው። ክሩ ተቆረጠ። እብጠቱ ለመጉደል ቀናት ቢፈጅበትም ትንፋሹ ወዲያው ረገብ አለለት። ተረኛው ሐኪም ቅን ሰው ነው፤ እንዲህ ያለ ታካሚ ግን አይቶ አያውቅም ነበር። አየሩ ደረት ውስጥ ገብቶ ሳንባን ሊጫን እንደሚችል በኋላ ሲነገረኝ እግሬ ተብረከረከ። ያ ስልክ ቁጥር እጄ ላይ ባይኖር ምን ይውጠን ነበር? የስንቱ አስታማሚ እጅ ላይ የሐኪም ስልክ አለ?

ሌሎች ችግሮችም አሉ። ደም ከቁስሉ ሥር ተጠራቅሞ ቧንቧውን ሊጫን፣ ቁስሉ መግል ሊይዝ፣ ስፌቱ ተለቆ እንደገና ሊከፈት ይችላል። እኔን ከሁሉም የሚያሳስበኝ ዘግይቶ የሚመጣው ነው። ቱቦው ከወጣ ከሳምንታት ወይም ከወራት በኋላ የአየር ቧንቧው ውስጡ ጠባሳ እየሠራ ሊጠብ ይችላል። ሰውየው ደረጃ ሲወጣ ያለከልካል፣ ሲተነፍስ ያፏጫል። ወረፋ ስንጠብቅ አጠገቤ የተቀመጠች ሴት አስም ነው ተብላ ለወራት ፓፍ ስትስብ እንደቆየች አጫወተችኝ። አንገቷ ላይ ያለውን ጠባሳ በነጠላዋ ሸፍናዋለች። ስለ ጠባሳው የጠየቃት አልነበረም። የመጣችው ቧንቧዋ ጠቦ ተገኝቶ ነው።

እንግዲህ የምለምናችሁ ይህን ነው። ከሁሉም በፊት አንድ ገጽ ወረቀት ይዘጋጅ። የአንገት ቱቦ የወጣለትም ሆነ ቀዳዳው የተሰፋለት ታካሚ ሁሉ በሚያነበው ቋንቋ፣ በአማርኛ፣ በኦሮምኛ፣ በሶማሊኛ፣ በትግርኛ፣ በሌሎችም ይያዘው። ሲያስልና ሲያወራ ጎዙን በእጁ ደገፍ እንዲያደርግ፣ ቁስሉ ውሃ እንዳይነካው፣ ከጭስና ከሲጋራ እንዲርቅ፣ ሐኪሙ እስኪፈቅድ ከባድ ዕቃ እንዳያነሳ ይንገረው። አንገት ካበጠ፣ ደም ከፈሰሰ፣ ትንፋሽ ካጠረ ወይም ካፏጨ ሳይውል ሳያድር ሆስፒታል እንዲሄድ ይጻፍበት። ከጀርባው ደግሞ ለሚቀበለው ሐኪም ሁለት ሦስት መስመር ይኑር፦ ቱቦው መቼ ገባ፣ መቼ ወጣ፣ መቼ ተሰፋ፣ አየር ከቆዳ ሥር ከገባ ምን ይደረግ፣ ማን ጋ ይደወል። ይህ ወረቀት የሚያስወጣው የሕትመት ዋጋ ብቻ ነው። ስለዚህ በእሱ ይጀመር።

ካሜራውም ከአንገት በላይ ሐኪሙም ትልልቅ ከተሞች ላይ ተከማችተዋል። ይህ በአንድ ጀንበር እንደማይስተካከል አውቃለሁ። የክልል ሆስፒታሎች የድንገተኛ ክፍል ሐኪሞችና ነርሶች ግን ይህን ጉዳይ በአጭር ሥልጠና ሊያውቁት ይችላሉ። ተረኛ ስፔሻሊስትን በስልክ የሚያማክሩበት መስመር ቢኖራቸው ደግሞ ሌላው እህት እንደኔ ቁጥር ፍለጋ አትራወጥም።

የጤና መድህኑንም ነገር እዩልን። በማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድህን የምንታከም ሰዎች ያለ ሪፈር ወረቀት ከፍ ያለ ሆስፒታል አንስተናገድም። ለእያንዳንዱ ክትትል እንደገና ከጤና ጣቢያ መጀመር ለእንዲህ ያለ ታካሚ ከባድ ነው። የቀዶ ሕክምናው ቀጠሮ ራሱ እንደ ሪፈር ይቆጠርልን። ቱቦው ሲወጣም ቀኑ የታወቀ ቀጠሮ ይሰጥ። ከወራት በኋላ ሌላ ቀጠሮ ይጨመር፣ የቧንቧው መጥበብ የሚታወቀው ያኔ ነውና።

ወንድሜ ዛሬ ደህና ነው፣ ሥራውም ላይ ተመልሷል። ወረቀቱን ማዘጋጀት ስትጀምሩ የአስታማሚ ዓይን ካስፈለጋችሁ ረቂቁን አንብቤ ቤተሰብ የማይረዳውን ለመጠቆም ፈቃደኛ ነኝ። መልሳችሁን እጠብቃለሁ።

ከአክብሮት ጋር
የአንድ ታካሚ እህት