ለወላጆች፦ ስለ ኒው ኦርሊንሱ ጉዞ

የተከበራችሁ ወላጆች፣

እንደምን ሰነበታችሁ? የቅዳሜ አማርኛ ትምህርት ቤታችን ዘንድሮ ዕድሜያቸው ከ10 ዓመት በላይ የሆኑትን ልጆች ይዞ ወደ ኒው ኦርሊንስ ይሄዳል። የምንነሳው ከፋሲካ በኋላ ባለው ሁለተኛ ቅዳሜ ነው። ባለፈው ስብሰባ «ለአንድ ሙዚየም ብሎ ከሂውስተን ስድስት ሰዓት ያህል መንዳት ለምን አስፈለገ? እዚሁ ሙዚየም ሞልቶ የለ?» ብላችሁ ጠይቃችኋል። ተገቢ ጥያቄ ስለሆነ ሰፋ አድርጌ ልመልሰው። ዓመቶቹን የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሙዚየሙ ያለበት ቤት ፕሬስቢቴር ይባላል። ጃክሰን አደባባይ ላይ፣ ከቅዱስ ሉዊስ ካቴድራል ጎን ይገኛል። ቦታው ላይ ቀድሞ የነበረው ቤት የካፑቺን መነኮሳት መኖሪያ ነበር። ካፑቺኖች ለእኛም እንግዳ አይደሉም፤ ምኒልክ ገና የሸዋ ንጉሥ ሳሉ አጠገባቸው የነበሩት አባ ማስያስ የዚሁ ማኅበር ሰው ናቸው። በ1788 በስቅለት ዕለት እሳት ተነሳና ከ800 በላይ ሕንጻዎችን አወደመ። ካቴድራሉም አልተረፈም። ያኔ ከተማዋን የሚገዛት ስፔን ነበረች። አንድሬስ አልሞናስተር የተባለ ባለጸጋ ወጪውን ችሎ ለካህናቱ አዲስ ቤት ማሠራት ጀመረ። ንድፉ የወጣው በ1791 ነው። በ1798 ግን እሱ ሞተ፤ ሥራውም ተጓተተ። ሁለተኛው ፎቅ ያለቀው በ1813፣ ሉዊዚያና ለአሜሪካ ከተሸጠች ከአሥር ዓመት በኋላ ነው።

ይህን ሁሉ ደክመው የሠሩት ቤት አንድም ካህን ሳይኖርበት ቀረ። መጀመሪያ የንግድ ቤት ሆነ። ከ1834 ጀምሮ ፍርድ ቤት ሆኖ አገለገለ። ከ1911 ወዲህ ደግሞ የሉዊዚያና ግዛት ሙዚየም አካል ነው። በ1915 የመጣ አውሎ ነፋስ የጣሪያውን ጉልላት ገንጥሎ ወሰደው። አሁን የሚታየው ጉልላት የተተከለው በ2005 ነው።

2005ን እናንተም አትረሱትም። ኦገስት 29 ቀን ካትሪና የተባለችው አውሎ ነፋስ ገባች፤ ውሃውን እንዲገቱ የተሠሩት ግንቦች ተደረመሱ፤ ከከተማዋ 80 በመቶ ያህሉ በውሃ ተሸፈነ። በአስር ሺዎች የሚቆጠር ሰው ወደ እኛ ከተማ፣ ወደ አስትሮዶም ስታዲየም መጣ። ፕሬስቢቴር ስለ አውሎ ነፋሶች ያዘጋጀውን ትልቅ ኤግዚቢሽን የከፈተው በ2010 ነው። ልጆቹን የምወስዳቸው በዋናነት ለዚህ ነው።

እዚያ ካለው ሁሉ ልቤን የሚነካው የአንድ ሰው ማስታወሻ ነው። ሰውየው በጎርፉ ጊዜና ከዚያም በኋላ ለሳምንታት የሆነውን ሁሉ በማርከር አፓርታማው ግድግዳ ላይ ይጽፍ ነበር። ሕንጻው ሊፈርስ ሲል ባለሙያዎች ጽሑፉን ከነቀለሙ ልጠው ወደ ሙዚየሙ አመጡት። ደራሲ አይደለም፤ ባለሥልጣን አይደለም። ስለጻፈ ብቻ ያየው ነገር አልጠፋም። ልጆቻችን «አማርኛ መጻፍ ለምን እንማራለን? መናገሩ አይበቃም?» ሲሉኝ በቃል ከምመልስላቸው ያን ግድግዳ ቢያዩት እመርጣለሁ። ከጎርፍ የተረፈው የኒው ኦርሊንሱ ሙዚቀኛ የፋትስ ዶሚኖ ነጭ ፒያኖም ተጠግኖ በ2013 እዚያው ገብቷል።

ፎቁ ላይ የማርዲ ግራ ኤግዚቢሽን አለ። «ጭፈራ ምን ያደርግላቸዋል?» ላላችሁኝ፣ ነገሩ የእኛን ቅበላ ይመስላል። ጾም ሊገባ ሲል ሰው የሚበላበትና የሚደሰትበት ቀን ነው። ልጆቹ የሚያዩት አልባሳቱን፣ ዘውዱንና ጭምብሉን ነው። ማታ መንገድ ላይ አናወጣቸውም። ካቴድራሉን በተመለከተ፣ ከውጭ እናየዋለን፤ መግባት የሚፈልግ ልጅ ካለ በእናንተ ፈቃድ ብቻ ይገባል። የሙስሊም፣ የኦርቶዶክስና የፕሮቴስታንት ቤተሰቦች ስላሉን ይህን ከወዲሁ በግልጽ መናገር ፈለግሁ።

አሁን የእናንተን እገዛ ወደምፈልግበት ልምጣ። በ2017 ሃርቪ የተባለው አውሎ ነፋስ ወደ ከተማችን ሲመጣ ብዙዎቹ ተማሪዎቻችን ሕፃናት ነበሩ። እናንተ ግን ታስታውሳላችሁ። ውሃው የት ድረስ ደረሰ? ማን ቤት አደራችሁ? ሀገር ቤት ያሉትን እንዴት አድርጋችሁ አረጋጋችኋቸው? ከጉዞው በፊት አንድ ምሽት ቴሌቪዥኑን አጥፉና ንገሯቸው። እነሱ ደግሞ የሰሙትን በአማርኛ አንድ ገጽ ይጻፉ። የፊደል ስህተት አያስጨንቃችሁ፤ እባካችሁ አታርሙላቸው፣ እናንተም አትጻፉላቸው። ሃርቪ ያልነካው ወይም በኋላ የመጣ ቤተሰብ ካለ፣ የሀገር ቤት ክረምትም ይሆናል። ጽሑፎቹን ሰብስበን በትምህርት ቤቱ ቤተ መጻሕፍት እናስቀምጣለን።

ከመካከላችሁ በካትሪና ጊዜ ከኒው ኦርሊንስ የመጣችሁ ካላችሁ ደግሞ በጣም እንፈልጋችኋለን። አብራችሁን ብትሄዱ ደስ ይለናል። ካልተመቻችሁ አንድ ቅዳሜ ክፍል መጥታችሁ አጫውቷቸው። መናገሩ የሚከብዳችሁ ከሆነም እንረዳለን።

አውቶቡሱ ከንጋቱ 11 ሰዓት፣ በአሜሪካ አቆጣጠር 5 ሰዓት ላይ ከትምህርት ቤቱ በር ይነሳል። አንድ ሌሊት አድረን እሑድ ማታ እንመለሳለን። ምሳ ቋጥሩላቸው። ኤግዚቢሽኑ ውስጥ የማዕበል ድምፅና ከባድ ምስሎች ስላሉ፣ የሚደነግጥ ልጅ ካላችሁ አስቀድማችሁ ንገሩኝ፤ አንድ መምህር ከጎኑ አይለይም። ክፍያው የሚከብደው ቤተሰብ ለብቻው ያናግረኝ፤ በገንዘብ ምክንያት የሚቀር ልጅ አይኖርም። የፈቃድ ቅጹን ፈርማችሁ በሚቀጥሉት ሁለት ቅዳሜዎች ለክፍል መምህሩ ስጡልን።

ከአክብሮት ጋር፣
የትምህርት ቤቱ ዳይሬክተር