ስለ ማቲ ፔሎንፓ

ውድ ወንድሜ፣

እንደምን ከርመሃል? ቤተሰቡስ ደህና ነው? እኔ እግዜር ይመስገን ደህና ነኝ። ከተጠፋፋን ቆየን አይደል? ዛሬ ብዕር ያስነሳኝ አንድ የፊንላንድ ተዋናይ ነው። እሱን ባየሁ ቁጥር አንተ ትዝ ትለኛለህ። ያኔ ዘበኛ ሆነህ፣ አንድ ቃል ሳትተነፍስ የተጫወትከውን ዛሬም አልረሳሁትም።

ስሙ ማቲ ፔሎንፓ ነው። የሄልሲንኪ ልጅ፣ እ.ኤ.አ. በ1951 የተወለደ። ገና በልጅነቱ በሬዲዮ ድራማ ጀመረ፤ በ1977 ደግሞ ከቲያትር አካዳሚ ተመረቀ። መልኩ የመሪ ተዋናይ አይደለም። ወደ ታች የወረደ ሪዝ፣ እንቅልፍ ያጣ የሚመስል ዓይን። ሌላ ዳይሬክተር ቢሆን በአንድ ትዕይንት አሳይቶት ያልፍ ነበር። ሚካና አኪ ካውሪስማኪ፣ ሁለቱ ወንድማማቾች፣ ግን ደጋግመው ካሜራ ፊት አቆሙት።

አኪ በ1986 በሠራው «ጥላዎች በገነት» ላይ የቆሻሻ መኪና ሾፌር ነው። አንዲት የሱፐርማርኬት ካሸር ይወዳል። ካቲ ኦውቲነን ናት የምትጫወታት። መጀመሪያ የጋበዛት ዕለት የት ወሰዳት መሰለህ? ቢንጎ ቤት! እሷ ቅር ይላታል። የእሱ ፊት ንቅንቅ አይልም፤ ውስጡ ግን ሲያፍር ታየዋለህ። እንዴት እንደሚያደርገው እስካሁን አልገባኝም።

ከሁሉም የበለጠብኝ ግን የጂም ጃርሙሽ «ሌሊት በምድር ላይ» ነው፤ የ1991 ፊልም። አምስት ከተማ፣ አምስት ታክሲ። የመጨረሻው ሄልሲንኪ ነው፣ በበረዶ፣ ሊነጋጋ ሲል። ሦስት ሰካራሞች ይሳፈራሉ። አንደኛው ተኝቷል። ሁለቱ ጓደኛችን ዛሬ ያልደረሰበት መከራ የለም እያሉ ይዘረዝራሉ። ሾፌሩ ማቲ ከዚህም የባሰ አለ ይላቸውና የራሱን ይነግራቸዋል። ልጁ ያለ ጊዜዋ ተወለደች። ሐኪሞቹ አትተርፍም አሉ። እንዳይጎዳ ብሎ ላለመውደድ ቆረጠ። ሕፃኗ ግን ከተባለው በላይ ቆየች። በመጨረሻ ሚስቱ ፍቅራችን ያስፈልጋታል አለችው፣ እሱም ልቡን ከፈተ። ሆስፒታል ሲደርሱ ልጅቷ አርፋለች።

ይህን ሁሉ ሲናገር ድምፁ ከፍ አይልም። ሆድ ይፍጀው ያለ ሰው ነው። የሚያለቅሱት ሰካራሞቹ ናቸው። እኔም አልቅሻለሁ።

አንዳንዶች ሁሌ ራሱን ነው የሚጫወተው ይላሉ። አልቀበልም። በ1992 በወጣው የአኪ የፓሪስ ፊልም፣ «የቦሄም ሕይወት» በሚለው፣ ወረቀት የሌለው አልባኒያዊ ሠዓሊ ሆኗል። ፈረንሳይኛ አይችልም ነበር፤ ቃሉን በድምፁ ሸምድዶ ነው የተናገረው። ፖሊስ ይዞ ከአገር ያስወጣዋል፣ እሱ ግን ተመልሶ ይመጣል። ከእኛ ሰዎች ስንቱ ያውቀዋል ይህን ኑሮ! በዚያ ሥራ የአውሮፓ ፊልም ሽልማትን በምርጥ ተዋናይነት ወሰደ።

ብዙም አልቆየ። በሐምሌ 1995 ልቡ ቀጥ አለ። ገና 44 ዓመቱ ነበር። አኪ ቀጣዩን ፊልም ለእሱ አስቦት ስለነበር ታሪኩን ለካቲ አድርጎ እንደገና ጻፈው። በፊልሙ ውስጥ ባልና ሚስቱ ያጡት ልጅ ፎቶ አለ፤ የማቲ የራሱ የልጅነት ፎቶ ነው። ሳላውቅ አይቼው ነበር፤ ካወቅሁ ወዲህ እዚያ ስደርስ አቆመዋለሁ።

እስቲ መጀመሪያ የታክሲውን እየው። በተለይ የሚናገረውን ሳይሆን፣ ሌሎቹ ሲያወሩ እንዴት እንደሚሰማ ተመልከትልኝ። አንተ ከእኔ የተሻለ ታየዋለህ፤ ሙያህ ነው። ደግሞ ልምምድ ትሄዳለህ ወይስ ጨርሶ ተውከው? እውነቱን ጻፍልኝ። ካልተውከው፣ ምን ላይ እየሠራህ እንደሆነ፣ መቼ እንደሚታይ አሳውቀኝ። ትኬት እቆርጣለሁ።

ወንድምህ