በአባባ ስም ኮከብ አትቁጠር

ሐይቅ፣ ጥር 14 ቀን 2018 ዓ.ም.

ልጄ፣ የኔ ጌታ፣ እንደምን ሰንብተሃል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ለጥምቀት ታቦት ስሸኝ ጉልበቴን ይዞኝ ነበር፤ አሁን ለቆኛል።

ቡና ላይ የጎረቤት ልጅ ስልኳን አወጣችና «ይሄ ያንቺ ልጅ አይደለም እንዴ?» አለችኝ። አንተ ነህ። «የታላቁ የባሕረ ሐሳብ ሊቅ የልጅ ልጅ» ብለህ፣ የሰው ስምና የእናት ስም እየተቀበልህ፣ በ200 ብር ኮከብ ትቆጥራለህ። ስኒውን ማስቀመጫ አጣሁ። ባሕረ ሐሳብ የበዓልና የጾም ቀን ማውጫ ቁጥር ነው እንጂ የኮከብ አይደለም። በአባባ ስም ኮከብ አትቁጠር።

አባባ ሽምብራ ሰፌድ ላይ ዘርግተው ተማሪዎቹን ሲያስቆጥሩ እኔ ጓዳ ሆኜ ነው የለቀምኩት። አንተንም አስተምሬሃለሁ፤ ረስተኸው ከሆነ ልድገመው። ዓመተ ፍዳውን 5500 እና ዘንድሮን 2018 ደምር፤ 7518። በ4 ግደፈው፣ ማለት አካፍለህ ቀሪውን ያዝ፣ 2 ይተርፋል፤ ዘመነ ማርቆስ። በ19 ግደፈው፣ 13 ይተርፋል፤ «አሐደ አእትት ለዘመን» ብለህ አንድ ታነሳለህ፤ ወንበሩ 12። ወንበሩን በ11 አብዝተህ በ30 ስትገድፈው አበቅቴው 12፤ በ19 አብዝተህ በ30 ስትገድፈው መጥቅዑ 18። ሁለቱ ተደምረው 30 ካልሞሉ «ተሳስተሃል፣ እንደገና» ይሉ ነበር። መጥቅዑ መስከረም 18 እሑድ ዋለ፤ ለእሑድ የሚጨመረው ተውሳክ 7፤ 18 እና 7 ሲደመር 25፤ ጾመ ነነዌ ጥር 25። ከዚያ 14 ስትጨምር ዐቢይ ጾም የካቲት 9፣ 69 ስትጨምር ፋሲካ ሚያዝያ 4። በቃ። እስቲ የትኛው ላይ ነው የሰው ዕጣ ያለው?

በ1977 አንድ ባለጸጋ በአህያ ማሽላ ጭኖ መጣ። ልጁ ታሞበት ነው። «ይተርፍ እንደሆነ ብቻ ይንገሩኝ፤ እህሉ የእርስዎ ነው» አለ። እኛ ቤት የሚፈጭ አልነበረም፤ እምዬ ድሪዋን ሸጣ ጨርሳለች። አባባ «እኔ የማውቀው ጾሙ የሚገባበትን ነው። ጸበል ውሰደው፣ ሐኪምም አሳየው» ብለው መለሱት። አህያው ከነጭነቱ ቁልቁል ሲወርድ ስልቻው ቀዳዳ ነበረው፤ የተንጠባጠበውን ማሽላ ከታናሽ እህቴ ጋር እስከ ወንዙ ድረስ እየለቀምን ተከተልነው። አባባ አዩን፤ ምንም አላሉም። እስከ ዛሬ አንዳንድ ቀን እናደድባቸዋለሁ። የሰውየው ልጅ ይዳን ይሙት አልሰማሁም።

አባባ ሲያርፉ መጀመሪያ የደረሱት ጋሼ ሼኹ ነበሩ። የረመዳንን ጨረቃ ከጉብታው ላይ አይተው ሲመለሱ ቤታችን ጎራ ይሉና «ያንተ ቁጥርስ ምን አለ?» ይሏቸዋል፤ ቡና እየጠጡ ሲከራከሩ ያመሻሉ። ዘንድሮ ሁዳዴና ረመዳን በአንድ ሳምንት ሊገቡ ነው፤ ሁለቱም ቢኖሩ ኖሮ!

ተማሪዎቻቸው ዛሬም በየደብሩ በዓላትና አጽዋማት ያወጣሉ። ብራናው ሳጥኔ ውስጥ ነው። ስታገባ እሰጥሃለሁ ብዬ ነበር፤ አሁን እንጃ።

ገንዘብ የተቀበልካቸውን በሙሉ መልስላቸው፤ ስማቸው ስልክህ ላይ አለ አይደል? ከጎደለህ ንገረኝ፣ ትንሽ ጤፍ ሸጬ እልክልሃለሁ። ሥራ አጥተህ መሆኑን አውቃለሁ፤ አንጀቴ እዚያው አንተ ጋ ነው። ግን ኮከብ አትቁጠር፤ በአባባም ስም፣ በራስህም ስም። መቁጠር ካማረህ አጽዋማቱን ቁጠርላቸው፣ በነጻ።

ሽሮና በርበሬ በአጎትህ ልጅ ልኬያለሁ፤ ቅዳሜ ይደርሳል፣ አውቶቡስ ተራ ሄደህ ተቀበለው። ጀሪካኑ የኑግ ዘይት ነው፤ ክዳኑ ስለሚያፈስ ቀጥ አድርገህ ያዘው።

እናትህ