«ሹመት» ያላችሁት የደረጃ ዕድገት ነው፤ የጠቀሳችሁትም ሕግ የእኛ አይደለም

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ

በምሥራቅ ጎጃም በአንድ ወረዳ ጽሕፈት ቤት በቡድን መሪ መደብ ላይ ስለተነሣው የብቁነት ክርክር ያወጣችሁትን ዘገባ አንብቤ ዝም ማለት አልቻልሁም። ዘገባው ከርእሱ እስከ መጨረሻው «ሹመት» እያለ ይሄዳል፤ ሲያበቃም ቅር የተሰኘ ተወዳዳሪ የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010ን ይዞ አዲስ አበባ ወዳለው የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት እንዲሄድ ይመክራል። ሌላ ሌላውን ልለፈው። ይህችን ምክር ግን አላልፋትም፤ ሰውን መዝገብ አስይዛ ዓባይን በከንቱ የምታሻግር ናትና።

ተሿሚ ማለት በሿሚው አካል እምነት የሚቀመጥ፣ እምነቱ ሲነሣም የሚነሣ ኃላፊ ነው፤ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ አይሸፍነውም። ቡድን መሪው ግን ማስታወቂያ ወጥቶ፣ ነጥብ ተሰጥቶ፣ ቃለ ጉባኤ ተይዞ በውድድር የሚመደብ ሠራተኛ ነው። አንድን ሠራተኛ «ተሿሚ» ብላችሁ ስትጽፉ የአቤቱታ በሩን እየዘጋችሁበት ነው። ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው ራሱ «ሹመት አይመለከተንም» ብሎ ቢመልሰው መልሱ ከእናንተ ርእስ የተቀዳ ይሆናል።

ሕጉም የእኛ አይደለም። የኢፌዴሪ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 52(2)(ረ) ክልሎች የራሳቸውን ሠራተኞች የሚያስተዳድር ሕግ እንዲያወጡ ሥልጣን ይሰጣል፤ የትምህርትና የልምድ መመዘኛው ከሀገሪቱ አጠቃላይ ደረጃ ጋር እንዲቀራረብ ብቻ ያዝዛል። የአማራ ክልል የራሱ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ፣ የራሱም አስተዳደር ፍርድ ቤት አለው። ስለዚህ የደጀንም ሆነ የሞጣ የወረዳ ሠራተኛ በፌዴራሉ ችሎት አይስተናገድም። በዚያ ላይ 1064/2010 በፌዴራል ደረጃም ቢሆን በአዋጅ ቁጥር 1353/2017 ተተክቷል። ይህን የሚያጣራ አንድ ሰው በዝግጅት ክፍላችሁ ጠፋ?

ውጤቱን እንንገራችሁ። ዘገባችሁን አምኖ አዲስ አበባ የሄደ ሰው «ሥልጣን የለንም» ተብሎ ይመለሳል። በቀጥታ መደበኛ ፍርድ ቤት ክስ የመሠረተም ቢሆን በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 244(2)(ሀ) «ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለውም» የሚል የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ይቀርብበትና መዝገቡ ይዘጋል። በዚህ መሐል የቅሬታው ቀን ያልፋል። የቅሬታ ጊዜ በቀናት የሚቆጠር አጭር ጊዜ ነው፤ አንዴ ካለፈ ደግሞ እውነቱ ከማን ጋር እንደሆነ የሚጠይቅ የለም።

ትክክለኛው መንገድ ይህ ነው፦ መጀመሪያ እዚያው መሥሪያ ቤት ላለው ቅሬታ ሰሚ በጽሑፍ ማመልከት፣ ማመልከቻውን በመዝገብ ቤት አስገብቶ ቁጥርና ቀን ማስያዝ፣ ውሳኔው በቃል ከተነገረ «በጽሑፍ ይሰጠኝ» ብሎ መጠየቅ፤ ከዚያ ይግባኙን ለክልሉ አስተዳደር ፍርድ ቤት ማቅረብ። የማስታወቂያውን ቅጂ ገና ከሰሌዳ ሳይነሣ ፎቶ ማንሣት ከሁሉ ይቀድማል። ክርክሩ የሚፈታው በወጣው መስፈርት ነውና፤ ማስታወቂያው ከተነሣ በኋላ በመስፈርቱ ውስጥ «ተዛማጅ» (ተቀራራቢ የትምህርት ወይም የሥራ መስክ) የምትል ቃል ነበረች አልነበረችም እየተባለ ወራት ያልቃሉ።

ዘገባው ጨርሶ ያልነካው ዋናው ነገር ደግሞ የሥራ ልምድ አቆጣጠሩ ነው። እኛ ዘንድ አብዛኛው የብቁነት ክርክር የሚነሣው ከዚህ ነው። አንድ ደብዳቤ «ከ2005 እስከ 2009 ሠርተዋል» ብቻ ካለ ስንት ዓመት ነው? ከመስከረም 2005 እስከ ጳጉሜን 2009 ከሆነ 5 ዓመት፤ ከጳጉሜን 2005 እስከ መስከረም 2009 ከሆነ 3 ዓመት። መደቡ 4 ዓመት ከጠየቀ ተወዳዳሪው ብቁ መሆን አለመሆኑ ባልተጻፈችው ወር ላይ ተንጠለጠለ ማለት ነው። የሰው ሀብት ባለሙያው ለአንዱ በረጅሙ ለሌላው በአጭሩ ከቆጠረ ደግሞ አድልዎው በወረቀት ላይ አይታይም። ስለዚህ የልምድ ደብዳቤ የመደቡን መጠሪያ፣ የተጀመረበትንና ያበቃበትን ቀን፣ ወርና ዓመት፣ ደመወዙንም መያዝ አለበት፤ ከግል ድርጅት የመጣ ከሆነ የሥራ ግብር የተከፈለበት ማስረጃ አብሮ ይጠየቃል። ይህን ብትጽፉ ኖሮ ስንቱ ወጣት ከመወዳደሩ በፊት ደብዳቤውን ባስተካከለ!

«በሕግ አምላክ!» ሲባል እጁን የሚሰበስብ ሕዝብ ነው ያለን። ጎጃም ነገር ሲበላሽ ሕግ ይጠይቃል፤ የጠየቀውን ሕግ ግን በትክክል ሊያገኝ ይገባዋል። ወረዳዎቻችን በዜና የሚነሡት ከስንት አንዴ ነው፤ ያችኑ አንድ ቀን የሌላ ሕግ ማስነበባችሁ አሳዝኖናል።

ማረሚያውን በዚያው ዓምድ፣ በዚያው የፊደል መጠን እንድታወጡ እንጠይቃለን፦ መደቡ ሹመት እንዳልሆነ፣ የሚሠራው የክልሉ አዋጅ እንደሆነ፣ አቤቱታውም ከመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ እንደሚጀምር ይጻፍ። ከዘገባው ወዲህ ያለው እያንዳንዱ ቀን ከአንድ ሰው የቅሬታ ጊዜ ላይ እየተቀነሰ ነውና ለሚቀጥለው እትም ይድረስ።

የሠራተኛ አስተዳደር ሕግ ባለሙያ
ከደብረ ማርቆስ