በረዶውን አታንሡ

ይድረስ ለውድ ወዳጄ ለመስፍን፤

ለጤናህ እንደምን ሰንብተሃል? ቤተሰቡስ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ይህን ያህል ጊዜ ተጠፋፍተን ስጽፍልህ፣ ሰበብ ከምደረድር አንተ የምትወደውን የፊልም ወሬ ይዤልህ ብመጣ ይሻላል ብዬ ነው።

የምኖርበት የካናዳው የማኒቶባ ምድር ሲኒማ ገና ዳዴ ሲል ጀምሮ በፊልም ሲሸጥ የኖረ አገር ነው። ከእንግሊዝ የመጣው ገበሬ ጄምስ ፍሪር እዚሁ ብራንደን ከተማ አጠገብ እያረሰ ሳለ የኤዲሰን ካሜራና ማሳያ ገዝቶ እ.ኤ.አ. በ1897 አዝመራውንና ባቡሩን መቅረጽ ጀመረ፤ በዓመቱም በካናዳ ፓስፊክ ባቡር ኩባንያ ድጋፍ ፊልሞቹን ይዞ እንግሊዝን ዞረ። አንዱ ፊልም መቶ ኤከር በሚሆን የስንዴ ማሳ ላይ ስድስት መኪናዎች እያጨዱ ነዶ ሲያስሩ ያሳይ ነበር። ሥዕሉ ድምፅ ስለሌለው የአገሩን በረከት የሚተርከው ፍሪር ራሱ ነበር።

ኩባንያው ገንዘቡን ያወጣው ለጥበብ ፍቅር እንዳይመስልህ። ሐዲዱን ሲዘረጋ መንግሥት 25 ሚሊዮን ኤከር ሰጥቶት ነበርና፣ ሰፋሪ ካልመጣ መሬቱም አይሸጥም፣ ባቡሩም የሚጭነው ስንዴ አያገኝም። መንግሥትም በ1872ቱ ሕግ 160 ኤከር፣ በእኛ ስሌት አንድ ጋሻ ተኩል የሚያህል መሬት፣ በ10 ዶላር መመዝገቢያ ይሰጥ ስለነበር፣ በ1902 የፍሪርን ሁለተኛ ጉዞ የደገፈው እርሱ ነው።

ከሁሉ የገረመኝ ግን በዚያው ዓመት የሆነው ነው። ኩባንያው የቻርልስ ኧርባንን የፊልም ድርጅት ቀጠረ፤ በደቡብ አፍሪካ የተካሄደውን የቦር ጦርነት የቀረጸው ጆሴፍ ሮዘንታል አገሩን ከዳር እስከ ዳር ለማንሣት ሲነሣም፣ የበረዶውን ወራት በምንም ምክንያት እንዳይቀርጽ ታዘዘ። ፊልሞቹም በ1903 ለንደን ውስጥ ታዩ። ስንዴው እውነት ነው፣ ተራራውና ወንዙም እውነት ነው፤ ነገር ግን ያን አይቶ ልጆቹን ይዞ በመርከብ የተሳፈረ ሰው ከኅዳር እስከ መጋቢት ምን እንደሚጠብቀው የነገረው የለም፤ ይህን ደግሞ እኔ ከውሸት ለይቼ አላየውም። (የላክሁልህ ፎቶግራፍ ሁሉ በሐምሌ የተነሣ መሆኑን ግን እባክህ አታንሣብኝ።)

አንተ በሙያው ውስጥ ያለህ ሰው ነህና፣ ከአሠሪህ እንዲህ ያለ ትእዛዝ ቢመጣብህ ምን እንደምታደርግ ሳትውል ሳታድር ጻፍልኝ።

ወንድምህ ዳንኤል