አክተር አይሞትም ስትል ነበር

ይድረስ ለወዳጄ ለዳዊት፣

እንደምን ሰነበትክ? እናትህስ ደህና ናቸው? ከተጠፋፋን አራት ዓመት አለፈን። የጠፋሁት እኔ ነኝ። ሰበብ ልደረድርልህ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ቀድጄዋለሁ።

አሁን ያስጻፈኝ ፊልም ነው፤ አትሳቅ። ቅዳሜ ማታ መብራት ሄዶ፣ ላፕቶፑ ባትሪ እስኪጨርስ «ደብል ኢንዴምኒቲ»ን አየሁ። ቢሊ ዋይልደር እ.ኤ.አ. በ1944 የሠራው ነው። ቪዲዮ ቤት ተቃቅፈን ስናይ «አክተር አይሞትም» እያልክ ታጽናናኝ አልነበር? እዚህ አክተሩ ገና ሲጀምር ጥይት በልቶ ይመጣል። ኔፍ የሚባል የኢንሹራንስ ሻጭ ነው፤ ከደንበኛው ሚስት ጋር ተመሳጥሮ ባልየውን ገድሏል፤ ሟቹ ከባቡር የወደቀ ከመሰለ ክፍያው እጥፍ ነዋ! ገንዘቡንም ሴትዮዋንም እንዳጣ ከመነሻው ይነግርሃል። እኔ ግን የት ላይ መመለስ ይችል ነበር እያልኩ ዓይኔን መንቀል አቃተኝ።

እንዲህ ያሉትን ጥላ የበዛባቸው የወንጀል ፊልሞች «ፊልም ኗር»፣ ጥቁር ፊልም፣ ያሏቸው ፈረንሳዮች ናቸው። በናዚ ወረራ ጊዜ የአሜሪካ ፊልም ፓሪስ አይገባም ነበር፤ የዓመታቱ ክምችት በ1946 ባንዴ ሲደርስ ኒኖ ፍራንክ የተባለ ሃያሲ ጽፎባቸው ስሙ ጸና። በጥላ መጫወቱን ለሆሊውድ ካስተማሩት መካከል ደግሞ ከሂትለር የሸሹ ዳይሬክተሮች አሉ፦ ፍሪትዝ ላንግ፣ ሮበርት ሲዮድማክ፣ ራሱ ዋይልደር። የሴትዮዋን ሳሎን ብታይ! በመስኮቱ መጋረጃ የሚገባው ብርሃን የእስር ቤት ፍርግርግ ይመስላል፤ አቧራው እንዲታይ የአሉሚኒየም ብናኝ አየሩ ላይ በትነዋል።

የነካኝ ግን ሌላ ነው። ኔፍ ሌሊት ቢሮ ገብቶ ድምፅ መቅጃ ላይ የሚናዘዘው ለፖሊስ አይደለም፤ ለጓደኛው ለኪይስ ነው። ኪይስ የኩባንያው መርማሪ ነው፤ ማጭበርበር አያመልጠውም፣ አጠገቡ ያለው ሰው ግን አመለጠው። ኪይስ ክብሪት ስለማይዝ ሁልጊዜ በጥፍሩ ጭሮ ሲጋራውን የሚለኩስለት ኔፍ ነበር። መጨረሻ ላይ ኔፍ በሩ ሥር ሲወድቅ፣ ክብሪቱን የሚጭርለት ኪይስ ነው። ዋይልደር የሞት ቅጣቱንም ቀርጾ ነበር፤ በኋላ ቆርጦ ጣለው። ደግ አደረገ።

ባትሪው ሲያልቅ ጨለማ ውስጥ ቁጭ ብዬ አንተን አሰብኩ። ስልክህ ያው የድሮው ነው? እሑድ ከሰዓት እደውላለሁ፤ ስድብህን አዘጋጅተህ ጠብቀኝ።

ያንተው
ሰለሞን