ይድረስ ለወንጂው ወንድሜ

ለውድ ወንድሜና የልጅነት ጓደኛዬ፦

ለጤናህ እንደምን ከርመሃል? እማማስ ደህና ናቸው? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ደብዳቤህን ሳልመልስ አራት ዓመት ማለፉ ያሳፍረኛል። ሥራ በዝቶብኝ ነው ብልህ ውሸት ይሆንብኛል፤ ብዕሬን ያስቀመጥኩት «ልጆችህ የየት አገር ሰው ነን ይላሉ?» ብለህ ለጠየቅኸኝ ጥያቄ መልስ ስላጣሁለት ነው።

ዛሬ እንድጽፍልህ ያነሣሡኝ ጎረቤቴ ናቸው። አምስተርዳም፣ ቤይልመር በሚባለው ሰፈር ከእኔ በላይ ያለው ፎቅ ላይ የሚኖሩት እናት ተወልደው ያደጉት ደቡብ አሜሪካ፣ ሱሪናም ውስጥ ሲሆን መልካቸው ግን የኢንዶኔዥያዋ ደሴት የጃቫ ሰው ነው። በዚያች የሆላንድ ቅኝ ግዛት ባርነት በ1863 በሕግ ቢቀርም (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ያዝልኝ) ነፃ የወጡት ሰዎች ዐሥር ዓመት በኮንትራት በየእርሻው እንዲሠሩ ተገደዱ። ያም ሲያበቃ በ1873 ከህንድ፣ ከ1890 ጀምሮም ከጃቫ የአምስት ዓመት ኮንትራት ያስፈረሟቸውን ሰዎች በመርከብ ማመላለስ ጀመሩ። ከጃቫ ብቻ ወደ 33,000 ሰው ተጓዘ። ሥራውን ጥሎ የሄደ በሕግ ይቀጣ ነበር። ማሪየንቡርግ በተባለው የሸንኮራ እርሻ በ1902 ሠራተኞች በደመወዝ ምክንያት አምፀው ሥራ አስኪያጁን ሲገድሉ፣ ወታደሮች ተኩሰው 24 ሰው ጨረሱና በጅምላ ቀበሯቸው። የጎረቤቴ አያት የሠሩት እዚያው እርሻ ላይ ነው። ሱሪናም በ1975 ነፃ ስትወጣ፣ በእነዚያ ዓመታት ከሕዝቧ ሲሶ ያህሉ ወደ ሆላንድ ሲፈልስ እሳቸውም አብረው መጡ።

አንድ እሑድ ሳኦቶ የሚሉትን የዶሮ ሾርባ ከቀቀለ እንቁላል ጋር አቅርበውልኝ ስንበላ ጥርሴን አይተው «ምን ነካው?» አሉኝ። ያደግንበትን የጉድጓድ ውሃ፣ ጥርስ የሚያበልዘውን የስምጥ ሸለቆ ፍሎራይድ፣ የወንጂ ልጅ ሁሉ በጥርሱ እንደሚታወቅ ነገርኳቸው። «ወንጂ ምንድን ነው?» ሲሉኝ «ኤች.ቪ.ኤ. የተባለው የሆላንድ ኩባንያ የተከለው የስኳር እርሻ» አልኳቸው። ማንኪያቸውን አስቀመጡ። «ሃ-ፌ-አ? የጃቫው?» አሉ በሆላንድኛው አጠራር። አዎ፣ የጃቫው! ኢንዶኔዥያ ከሆላንድ ነፃ ስትወጣ ኩባንያው ሌላ መሬት ፍለጋ ወጥቶ ከንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ጋር በ1951 ተዋዋለ፤ የወንጂ ፋብሪካም በ1954 ሥራ ጀመረ። ከብቶቻቸውን እዚያ ያሰማሩ የነበሩት ጅሌ ኦሮሞዎች ግጦሻቸውን ለቀቁ።

አንተም እኔም ቅኝ ያልተገዛን ሕዝብ ነን እየተባልን ነው ያደግነው፤ እውነትም ነው። አባቶቻችንን በመርከብ የጫነ የለም፤ ከከምባታና ከሀዲያ እንጀራ ፍለጋ በራሳቸው መጡ፣ ሲፈልጉም ይመለሱ ነበር። ስለዚህ የእኛና የእሳቸው ታሪክ አንድ ነው ብዬ አልከራከርህም። ነገር ግን እሳቸው የአያታቸውን ሰፈር ሲተርኩልኝ፣ በመስመር የተደረደሩትን የሠራተኛ ቤቶች፣ ዛፍ የከበበውን የነጮቹን ግቢ፣ ሁሉንም የሚቀሰቅሰውን የፋብሪካ ጩኸት እሳቸው ሲጀምሩት እኔ እጨርስላቸው ነበር። ካምፓችንን የነደፈው እጅ ሙያውን የለመደው ቅኝ ግዛት ውስጥ እንደሆነ እስከዚያ ቀን አስቤው አላውቅም።

ደግሞ ስማኝ፤ እኚህን እናት ሆላንዶቹ ጃቫዊት ይሏቸዋል፣ ጃቫ ሲሄዱ ደግሞ እንግዳ ናቸው። ራሳቸው ሲጠየቁ «የማሪየንቡርግ ነኝ» ነው የሚሉት። ትልቋ ልጄን ያንተን ጥያቄ ብጠይቃት «የቤይልመር ነኝ» አለችኝ። መጀመሪያ ቅር ብሎኝ ነበር፤ ኋላ ግን እኔና አንተ አዳማ ለትምህርት ስንሄድ «የካምፕ ልጆች ነን» እንል የነበረው ትዝ አለኝና ዝም አልኩ።

የኮንትራት ሠራተኞቹ መዝገብ አሁን ለሁሉም ክፍት ስለሆነ ጎረቤቴ የአያታቸውን ስም፣ መንደር፣ የመጡበትን መርከብ፣ ቁመታቸውን ሳይቀር አግኝተው አሳይተውኛል። እኔ አባቴ ከከምባታ መምጣቱን እንጂ መንደሩን አላውቅም፤ ሳልጠይቀው ሞተ። አጎትህ አብረውት እንደመጡ ትነግረኝ ነበርና፣ በሕይወት ካሉ ያን የመንደር ስም ጠይቀህ እንደ አጠራራቸው ጻፍልኝ፤ ለልጆቼ ልነግራቸው እፈልጋለሁ።

ወንድምህ፣ ከአምስተርዳም